መከታ እስኪፈታ

ሰኞ
አልሰጥም አልኋቸው። ውሻዬ መከታ ትናንት ጎረቤቴን አያ ተገኘን እጃቸው ላይ ነከሳቸው። ግቢዬ የገባ ጥጃቸውን ሊያስወጡ አጥሩን ሲዘሉ ነው። ዛሬ ወንድሞቻቸው ገመድ ይዘው መጡ። "ያበደ እንደሆነስ? ውሻ ነው፤ ሌላ ታሳድጊያለሽ" አሉኝ። በሩ ላይ ቆምሁ። አያ ተገኘ ቁስሉን በሳሙና አጥበው ንፋስ መውጫ ከተማ ሐኪም ዘንድ ሄደዋል፤ እሳቸው ይመለሱ አልሁ። እያጉረመረሙ ሄዱ።

ማክሰኞ
አያ ተገኘ መርፌ ተወግተው ተመለሱ። ገና ይቀራቸዋል። እሳቸውም ይገደል ብለው ነበር፤ ሐኪሙ ግን ውሻው እንዳይገደል ብሏል። ዐሥር ቀን ታስሮ ይታይ፤ እሱ ደህና ከሆነ እርስዎም ደህና ነዎት አላቸው። ግራሩ ሥር በሰንሰለት አሰርሁት። ጮኸ። ላለመስማት ገብስ ወቀጥሁ።

ረቡዕ
እህቴ ከመካነ ኢየሱስ ከተማ ደወለች። "ለውሻ ብለሽ ከሰው ትጣያለሽ?"
ምን ልበላት? ባሌ ሞቶ ለቀስተኛው ሲበተን፣ ከመደቡ መነሣት አቅቶኝ ነበር። መከታ በሩን እየቧጨረ እህል ጠየቀ። ለእሱ ስል እሳት አነደድሁ። ከዚያ እኔም በላሁ። ይህን በስልክ መናገር አልሆነልኝም።
"አልጣላም፤ አልሰጥምም" አልኋት።

ሐሙስ
መከታ ምግቡን አልነካም። ውሃውንም። ያበደ ውሻ ውሃ አይጠጣም ይላሉ። አፉን ከሩቅ አየሁ፤ ለሃጭ የለውም። ቢሆንም ፈራሁ። ቆርጫለሁ፦ ካመመው አልደብቅም፤ ራሴ ሄጄ እናገራለሁ። የሰው ነፍስ አለበት። እስኪለይ ድረስ ግን ማንም አይነካውም።
አመሻሽ ላይ አያ ተገኘ መጥተው ከአጥሩ ማዶ ቆሙ። እጃቸው በፋሻ እንደታሰረ ነው።
"ጠጣ ወይ?"
"አልጠጣም፣ አያ።"
ፊታቸው አመድ መሰለ። እስካሁን የፈራሁት ለመከታ ብቻ ነበር።

ዓርብ
ጎሕ ሲቀድ ጣሳውን ባዶ አገኘሁት! ደግሜ ቀዳሁለት። ዓይኔ እያየ ላፍ ላፍ አድርጎ ጨረሰው። ነጠላዬን ሳልደርብ ሮጥሁ።
"ጠጣ፣ አያ! ጠጣ!"
ደጃፋቸው ላይ ቁጭ አሉ። "እመቤቴ ትመስገን" አሉና ቆይተው ሳቁ። "ይገደል ያልሁትም እኔ፣ ዕድሜውን የምለምንለትም እኔ።"

ረቡዕ፣ በሳምንቱ
የእንስሳት ሐኪሙ መጥቶ አየው። ደህና ነው፣ ነገ ጧት ይፈታ አለ። አያ ተገኘ መርፌያቸውን አላቋረጡም። ዛሬ ለመከታ አጓት ይዘውለት መጡ፤ እኔ ሰጠሁት እንጂ እሳቸው አሁንም አልቀረቡትም።
"ስትፈችው እኔም ልኑር" አሉኝ።
"ይምጡ" አልሁ። ዱላ ይዘው ይመጡ እንደሆነ ወይስ ባዶ እጃቸውን፣ አልጠየቅሁም።