በጊዮን የተከፈተልኝ በር

ውድ ሃትሱዬ፣

«በኪራይ ኪሞኖ ልታምሪ ነው?» ብለሽ ስቀሽብኝ አልነበር? እንግዲህ ስሚ።

ትናንት ምሽት ጊዮን በሚባለው፣ ጌይሻዎች እንግዳ በዘፈንና በጭፈራ በሚያጫውቱበት ሰፈር አስጎብኚያችን አቶ ኦካቤ፣ «ቆማ ፎቶ የምትነሳዋ ልብስ የተከራየች ናት፤ እውነተኛዋ ጌይሻ አንገቷን ደፍታ ሹልክ ነው የምትለው። እነዚህ የግብዣ ቤቶች ደግሞ ነባር ደንበኛ ይዞት ካልመጣ ለሚኒስትርም አይከፍቱም» አሉን።

እኔ ግን ያ ሁሉ የጠጣሁት ሻይ ወጥሮኛል። አንገቴን ደፍቼ በዚያ በተከራየሁት ጠባብ ኪሞኖ ኩስ ኩስ እያልኩ መሮጥ ጀመርኩ። «ያቻት እውነተኛዋ!» ብሎ አንዱ ጮኸ። ዞር ስል የቱሪስት መንጋ ካሜራውን ደግኖ ይከተለኛል! እኛ ገበያ ቀኑን ሙሉ ዓሣ ስንበልት ማን ቀና ብሎ አይቶን ያውቃል?

ያገኘሁትን በር አንኳኳሁ። አንዲት ሴትዮ ስትከፍት፣ «እባክዎ እትዬ፣ ሽንት ቤት» አልኩ በሹክሹክታ። እኔንም ከኋላዬ ያለውንም ሰው አየችና ሰፈሩ እስኪሰማ፣ «ዘገየሽ እኮ እህቴ! እንግዶቹ እየጠበቁሽ ነው!» ብላ ጎትታ አስገባችኝ።

ስወጣ አቶ ኦካቤ አፋቸውን ከፍተው ቆመዋል።

«ዕድሜዬን ሙሉ ሳስጎበኝ ከደጃፉ አላለፍኩም። ውስጡ እንዴት ነው?»

«ንጹህ ነው» አልኳቸው።

ፖስት ካርዱ ሞላብኝ። እናትሽን ሳሚልኝ፤ ድመቴንም ዓሣ አታብዢባት። ለገበያው ሰው መግባቴን ንገሪ፤ ለምን እንደገባሁ ግን ትንፍሽ እንዳትይ!

ያንቺዋ ኪኑዮ