የዶክተሩ መስሚያ

ጎንደር፣ ኅዳር ፲፬ ቀን ፲፱፻፶፩ ዓ.ም.

ፈረንጁ የዓይን ሐኪማችን ዛሬ ወደ አገሩ ተመለሰ። የአገሩ መንግሥት ተቀይሞ ነርሶቹንም አብሮ ስለጠራቸው የሆስፒታሉ የዓይን ክፍል ተዘጋ።

ዶክተሩ ጆሮው ስለሚከብደው ሽቦ ያለው መስሚያ ያደርጋል። ባለፈው እሑድ ኮሶዬ ገደል አፋፍ ላይ ቆሞ መስሚያውን ሲያስተካክል የጸጥታ ሰዎች አዩት። «በራዲዮ ምስጢር ሲያስተላልፍ ደረስንበት» ብለው ያዙት። የሆስፒታሉ አስተርጓሚ ነኝና እኔም ተጠራሁ። የጸጥታ ሰዎቹ አለቃ የሆነው ሻምበል መስሚያውን ከዶክተሩ ጆሮ ነቅሎ ኪሱ ከተተና ይጠይቀው ጀመር። ዶክተሩ ዝም አለ።

«ጥፋቱን ቢያውቅ ነው ዝም ያለው» አለኝ ሻምበሉ።

«ጌታዬ፣ አይሰማም እኮ። መስሚያውን ይመልሱለት።»

«የጠራንህ ልትተረጉም ነው፤ ጠበቃ ልትሆነው አይደለም።»

ዶክተሩ በማግሥቱ ቢፈታም፣ ከአዲስ አበባ ለአገሩ መንግሥት ይቅርታ የተላከው ነገሩ ከተበላሸ በኋላ ነው። ሻምበሉ ግን ለትጋቱ ሻለቃ ሆነ።

እናቴ ሁለቱም ዓይኖቿ በሞራ ከተሸፈኑ ቆይተዋል። ሰኞ ዶክተሩ ሊገፍላት ቀጥሯት ስለነበር ትናንት በበቅሎ ከዳባት መጣች። ማታውን ልጄን አቅፋ «ሰኞ አይሻለሁ» ስትላት አመሸች። ልጄ የተወለደችው የእናቴ ዓይን ከጠፋ በኋላ ነው።

ዛሬ ከሥራ ስመለስ ዶክተሩ መሄዱን ነገርኳት። ብዙ አላለቀሰችም። የልጄን ጉንጭ በጣቶቿ እየዳሰሰች ቆየችና «እንግዲያው አንተው ንገረኝ፤ ማንን ትመስላለች?» አለችኝ።

«አንቺን ነው የምትመስለው፣ እምዬ።»

«እኔ ደግሞ መልኬን ረስቼዋለሁ» አለች።