መስቀል ሆኖ የደረሰው የእትዬ እማዋይሽ መልእክት

ወንድምዓለም ዳኘው፣

ሰላምታዬን ከማስቀደሜ በፊት አንድ ነገር ልንገርህ፤ ጎረቤታችን እትዬ እማዋይሽ በሕይወት አሉ። ይህን ስጽፍልህ ከሱቄ ደጃፍ ወንበር ላይ ተቀምጠው፣ አንገታቸውን በነጠላ ሸፍነው፣ አላፊ አግዳሚውን በእጃቸው ሰላም እያሉ ነው። እንቅርታቸው በሰላም ወጥቷል፣ ቁስሉም እየደረቀ ነው። ልጃቸው ውዳሴም ደህና ናት፣ የነርስነት ትምህርቷን አላቋረጠችም። ይህን ካወቅህልኝ አሁን ወደ ወጉ እንመለስ።

እንዴት ከርመሃል? ጤናህ እንዴት ነው? ያ ወገብህ ተሻለው ወይስ አሁንም ጧት ጧት ያስቸግርሃል? የካርቱም ሙቀት እንዴት እያደረጋችሁ ነው? እህተ ማርያምስ እንዴት ናት? ልጆቹ ደህና ናቸው? ትንሿ አማርኛ መናገር ጀመረች ወይስ በዓረብኛ ብቻ ቀረች? እኔ ናፍቆታችሁ አንዳንዴ ምሳዬን ቢያስረሳኝም ጤናዬ ሙሉ ነው። ባለቤቴ ንብረትም ከብቶቹን እያቆላመጠ እኔን ይነዘንዛል፤ ደህና ነው ማለት ነው።

አሁን ደግሞ ልቆጣህ ነው። ወንድሜ፣ በሕይወት ላለ ሰው መርዶ ይረዳል? በፈረንጅ ፊደል ጽፈህ የላክህልኝን «እግዜር ያጥናችሁ» ያነበብሁት እትዬ እማዋይሽን አጠገቤ አስቀምጬ ነበር። ምን ይላል ብለው በእጃቸው ሲጠይቁኝ «ዳኘው ሰላም ብሎዎታል» ብዬ አለፍሁ። ፊቴን አይተው ግን አላመኑኝም። የራሳቸውን ሞት እኔ እንድነግራቸው ነበር የፈለግኸው?

ሆኖም ጥፋቱን ሁሉ በአንተ ላይ አልጭንም። ነገሩን ከሥሩ ላስረዳህ።

እትዬ እማዋይሽ በጥር ወር ባሕር ዳር ሄደው ኦፕራሲዮን ሆኑ። ሐኪሙ ሲሸኛቸው «ድምፅዎ እስኪጠና ድረስ መናገር የለም» አላቸው። እሳቸውን ዝም በሉ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ታውቃለህ፤ ከዚህ ሲጣሩ ቡሬ የሚሰሙ ሴት ናቸው። ልጃቸው አንዷለም ከእናንተ ዘንድ በደወለ ቁጥር «እናቴን አቅርቡልኝ» ይላል፤ ውዳሴ «መናገር ተከልክላለች» ትለዋለች። እሱ ደግሞ ያገሩን ልማድ ያውቀዋል። በእኛ ዘንድ ሰው ሲሞት ለራቀ ልጅ በስልክ አይነገርም። «ትንሽ አሟታል» እየተባለ፣ «ተኝታለች» እየተባለ ቀን ይገፋል፤ በኋላ ወዳጅ ዘመድ ተሰብስቦ በማለዳ ሄዶ ያረዳዋል። ስለዚህ «ተከልክላለች» ማለታችን እውነት ቢሆንም በእሱ ጆሮ የመርዶ መንገድ መሰለ።

ይህን ሲሰሙ እትዬ እማዋይሽ ወደ ጽሕፈት ሱቄ መጡ። ጻፊልኝ ማለታቸው ነው። እሳቸው በእጃቸው ያሳያሉ፣ በቅንድባቸው ይቆጣሉ፤ እኔ እየገመትሁ እተይባለሁ፣ ከዚያ አነብላቸዋለሁ። እጃቸውን ከደረታቸው ሲያደርጉ «ልጄ፣ እወድሃለሁ» ብዬ ጻፍሁ። ራሳቸውን ነቀነቁ። ለካ «ልብስ ደርብ» ማለታቸው ኖሯል። «በካርቱም ሙቀት ምን ይደርብ እትዬ?» ብላቸው ገላመጡኝ፤ ሁለቱንም ጻፍሁላቸው። ደህና መሆናቸውን፣ ቁስላቸው መድረቁን፣ ቤቱን፣ ልጅቱን፣ ከብቱን ሁሉ አንድ በአንድ አስጻፉኝ። አንዷለም ኢሜይል ስለሌለው በአንተ አድራሻ ላክሁት። መስመሩ እየተቆራረጠ ቢያስቸግረኝም በመጨረሻ ሄደልኝ። እትዬም ያን ቀን እፎይ ብለው ወደ ቤታቸው ገቡ።

ለአንተ የደረሰህ ግን ሌላ ነገር ነው። በስልክ እንደነገርኸኝ፣ የፈረንጅ ፊደል ከጥያቄ ምልክት፣ ከቅንፍና ከዶላር ምልክት ጋር ተደበላልቆ፣ በየመስመሩ ደግሞ መስቀል ቆሞበት ወጣ። አንተም «ይህ ጽሑፍ አይደለም፣ ሀብትነሽ በቃል መናገር ከብዷት መስቀል ልካልኛለች» አልህ። ያገር ልጆችን ሰብስበህ፣ ገና ጎህ ሳይቀድ ከአንዷለም ቤት ሄደህ አረዳኸው። ወጉን እንኳ አላጎደልህም። ይህን ሳስበው እያዘንሁ ያስቀኛል። «በሕይወት አሉ እኮ» ብዬ ብደውልልህ ደግሞ «አንቺም ታባብይኛለሽ» ብለህ አለቀስህብኝ።

አንዷለም ወዲያው ደውሎ ውዳሴን «ለምን ደበቃችሁኝ?» አላት። እትዬ ስልኩን ነጥቀው «ልጄ» ሊሉ ሞከሩ፤ የወጣው ትንፋሽ ብቻ ነው። «ይህ የእናቴ ድምፅ አይደለም፣ ማንን ነው የምታቀርቡልኝ?» ብሎ ዘጋው። አሁን ሥራውን ለቅቆ ለአርባዋ ልድረስ እያለ ሻንጣውን ያዘጋጃል አሉ። አንድ ጊዜ ድንበሩን ከተሻገረ የመኖሪያ ወረቀቱ ከንቱ እንደሚሆን አንተ ከእኔ የበለጠ ታውቃለህ። ውዳሴ የምትማረው፣ እትዬም የሚታከሙት በእሱ ላብ ነው። ለሌለ ተዝካር ብሎ ይህን ሁሉ ሊጥለው ነው። እኔን እንቅልፍ የነሳኝ ይህ ነው።

እኔ ታዲያ እጄን አጣጥፌ አልተቀመጥሁም። በዞኑ መሥሪያ ቤት ኮምፒውተር የምትጠግን አምለሰት የምትባል ልጅ አለች፤ ጨዋታ አዋቂ ናት። በኢሜይል መልሰህ የላክህልኝን የመስቀል ጽሑፍ አሳየኋት። ሳቀች፣ ቀጥሎም ጽሑፉን እንዳለ መርጣ እኔ የምጠቀምበትን የፊደል ቅርጽ፣ ፎንት የሚሉትን፣ ሰጠችው። ዓይኔ እያየ መስቀሉ ሁሉ ተመልሶ የእትዬ እማዋይሽ ቃል ሆነ። «ልብስ ደርብ» የሚለው እንኳ ከነቦታው አለ። ምንም አልጠፋም ነበር።

እሷ ያስረዳችኝን እኔ በገባኝ ልንገርህ። ኮምፒውተር ፊደል አያውቅም፤ የሚያውቀው ቁጥር ብቻ ነው። አንድ ፊደል ስጫን ቁጥሩን ይይዛል፤ ሲያሳየኝ ደግሞ ያ ቁጥር የማን ቤት እንደሆነ አይቶ ባለቤቱን ያወጣል። ድሮ የቤት ቁጥሩ ሲታደል ለፈረንጅ ፊደልና ለምልክቶቻቸው ብቻ ነበር። የእኛ ሰዎች አማርኛ ልንጽፍ ሲሉ ቦታ ስላጡ ከፈረንጆቹ ቤት በጥገኝነት ገቡ። አንዱን ፊደል በቅንፍ ቤት፣ ሌላውን በዶላር ቤት አስቀመጡት። ድልድሉን ደግሞ እያንዳንዱ ሠሪ በየራሱ አወጣው፤ አንዱ «ለ»ን ባስቀመጠበት ቁጥር ሌላው «ሸ»ን አስቀምጧል። የእኔ ኮምፒውተር የእኔን ድልድል ስለሚያውቅ አማርኛ ያሳየኛል። የአንተ አያውቀውም፤ በየቤቱ የሚያየው ጥንት የተመዘገበውን ባለቤት ነው። ከነዚያ ቤቶች በአንዱ የመስቀል ቅርጽ ያለው ምልክት ይኖራል፤ ፈረንጆች ከገጽ ግርጌ ማስታወሻ እንዳለ የሚጠቁሙበት ነው አሉ። በእኔ ድልድል እዚያ የገባችው «ን» ናት። እትዬ ደግሞ ጤናህን፣ ራስህን፣ ቤትህን፣ እህትህን እያሉ ያስጻፉኝ ሁሉ ከአንተ ዘንድ መስቀል ሆኖ ቆመ።

እኔ በወጣትነቴ የሠራሁበትን የጽሕፈት መኪና ታስታውሳለህ? «ሁ»ን ለመጻፍ አካሉን መትቼ እግሩን ለብቻ እለጥፍለት ነበር። አድካሚ ነበር፤ ነገር ግን አንዴ ወረቀት ላይ ከወጣ በመንገድ መልኩን የሚለውጥ ፊደል አልነበረም።

አሁን ግን መድኃኒቱ ተገኝቷል። የዓለም ፊደል ሁሉ የሰፈረበት አንድ የጋራ መዝገብ አለ፣ ዩኒኮድ ይሉታል። ለዓረቡም፣ ለግሪኩም፣ ለቻይናውም የየራሱ ሰፈር ተሰጥቶታል፤ የአንዱ ቁጥር ከሌላው አይጋጭም። የእኛም ፊደል የራሱ ሰፈር አለው። ከሀ ይጀምርና እንደ ፊደል ገበታው ሰባት ሰባቱ በተራ ይቀመጣሉ፤ እንደ ሏ ላሉት ደግሞ ስምንተኛ ቦታ ተይዞላቸዋል። የሚገባበት ሲጠፋ ቦታው ባዶውን ያድራል እንጂ ለባዕድ አይሰጥም። ከፊደሎቹ በኋላ ሁለት ነጥብ፣ አራት ነጥብ፣ ነጠላ ሰረዝ፣ ድርብ ሰረዝ ተሰልፈዋል። ከነሱ ቀጥሎ የግእዙ ቁጥር ከ፩ ጀምሮ እስከ ፼ ድረስ። የዜማ ምልክቶች፣ እነ ይዘት፣ እነ ደረት፣ እነ ርክርክ እንኳ በቅርቡ እዚያው አጠገብ ቦታ ተሰጥቷቸዋል አለችኝ። ይህን ስሰማ ኩራት ተሰማኝ። ከእንግዲህ ማንም ከቤታችን አያስወጣን፣ እኛም በሰው ቤት አናድር።

እንግዲህ የድሮውን ትቼ የእትዬን መልእክት በአዲሱ ዘዴ እንደገና ተየብሁት። ጣቶቼ የለመዱትን ቁልፍ እየፈለጉ አስቸገሩኝ፣ ግን ተሸነፉልኝ። አምለሰት ለሥራ ቡሬ ስትወርድ በዚያ ካለ የኢንተርኔት ቤት ከፍታ አየችልኝና «እትዬ ሀብትነሽ፣ አንድም መስቀል የለበትም» ብላ ደወለችልኝ። ያኔ ለአንተ ላክሁት። የምትከፍትበት ኮምፒውተር የእኛን ሰፈር የሚያሳይ ፎንት ከሌለው ባዶ ሳጥን ብቻ ይደረድርብሃል። ሳጥን ካየህ ደግሞ የሬሳ ሳጥን ነው ብለህ ያገር ልጆችን እንዳትሰበስብ፤ ፎንቱን በሲዲ ልኬልሃለሁ፣ ጫነው።

ሲዲውንና ይህን ደብዳቤ የሚያደርስልህ የቡሬው የበርበሬ ነጋዴ ማህዲ ነው፤ በመተማ በኩል ወደ እናንተ ይሻገራል። በዓይኑ አይቶ እንዲመሰክር ወደ እትዬ ቤት ወሰድሁት። «እትዬ፣ ለቅሶ ልደርስ ብዬ ነበር የመጣሁት፣ አሁን ምን ብዬ ልመለስ?» ቢላቸው በከዘራቸው ትከሻውን ቸብ አደረጉት። ውዳሴ «ለአንዷለም አድርስልኝ ማለቷ ነው» ብላ ተረጎመችለት። ማህዲም «እንደተቀበልሁ አደርሳለሁ፣ አላጎድልም» ብሏል። ስለዚህ አንዷለም ቢመታ አትገላግል።

አንተን የምለምንህ አንድ ነገር ነው። አንዷለምን ይዘኸው ወደ አሠሪው ሂድና መልቀቂያውን እንዲያነሣ አድርግ። ያረዳኸው አንተ ነህ፣ የምትመልሰውም አንተ ነህ። ለለቅሶ የሰበሰብሃቸውን ያገር ልጆችም መልሰህ ሰብስባቸውና እውነቱን ንገራቸው፤ ቢስቁብህ ቻለው።

ለእህተ ማርያም ሰላምታዬን ንገርልኝ፤ የላከችው ሻሽ ደርሶኛል፣ እሑድ ሳስቀድስ አስሬው ሴቶቹ ሁሉ ዞረው አይተውኛል። ልጆቹን በየተራ አገላብጠህ ሳምልኝ፣ ትንሿን ደጋግመህ። ንብረት «ዳኘው ለእኔም ሳልሞት እንዳያለቅስልኝ» ብሎ ሰላም ይልሃል። አምለሰትም ሳታውቅህ ሰላም ብላሃለች።

ትናንት እዚህ ላይ አቁሜ ነበር። ዛሬ ጧት ሱቁን ሳልከፍት ውዳሴ መጣችብኝ። አንዷለም ማታ ደውሎ ነበር አለችኝ። አዲሱን መልእክት አንተ አድርሰህለት፣ አንድ ወዳጁ በአዲስ ኮምፒውተር ከፍቶለት እስከ መጨረሻው አራት ነጥብ ድረስ ተነቦለታል። እሱ ግን «አማርኛው ጥሩ ነው፣ አማርኛ ደግሞ ማንም ይጽፈዋል» ብሏታል። ይሄኔ እትዬ ስልኩን ከእጇ ወሰዱት። ሐኪሙ ጥቂት ጥቂት እንዲናገሩ ገና መፍቀዱ ነው፤ ድምፃቸው ጎርንኖ የእሳቸው አይመስልም። «ሞቼ ከሆነ ቀብሬ ላይ የት ነበርህ? ካልሞትሁ ደግሞ ምን በላሽ ብለህ ለምን አትጠይቀኝም?» አሉት። አንዷለምም «ምን በላሽ እማዬ?» አለ። «ምን እበላለሁ፣ ጾም አይደል? የገብስ አጥሚት ነው። ካርቱም ገብተህ ጾሙን ረሳኸው?» ብለው ይቆጡት ጀመር። ውዳሴ «ሐኪሙ በቃ ብሎሻል» እያለች ስልኩን ብትጎትት አልለቅም አሉ። «እሺ እማዬ፣ እሺ፣ አልመጣም» አለ። እትዬም ስልኩን ያስቀመጡት «አልመጣም» የሚለውን ደግመው ካስባሉት በኋላ ነው አለችኝ።

እህትህ ሀብትነሽ
ፍኖተ ሰላም፣ መጋቢት ፲፪ ቀን ፲፱፻፺፱ ዓ.ም.