የሁለተኛው መኪና መዝገብ

ነገሌ ቦረና፣ የካቲት 7 ቀን 2005 ዓ.ም.

ይድረስ ለምወድሽና ለማከብርሽ እናቴ፤ ወረታ።

ከሁሉ አስቀድሜ የአንቺን ጤና እጠይቃለሁ። ጉልበትሽ እንዴት ሆነ? በመቀጠል የእንጀራ አባቴን ጋሽ ወልደየሱስን፣ በሬያቸውስ ዳነላቸው ወይ፤ አክስቴን እትዬ ጥሩነሽን ከነልጆቻቸው፤ የክርስትና አባቴን ከነቤተሰባቸው፤ ይህን ደብዳቤ የምታነብልሽን ታናሽ እኅቴን ደጊቱን፤ የሩዝ ማሳ የሚያዋስኑንን ጎረቤቶች ሁሉ ሰላም እላለሁ። ስሙን የረሳሁት ሰው ካለ በስሙ እንደጠራሁት ይቁጠርልኝ።

ደጊቱ፣ እስከዚህ ድረስ ለሁሉም ጮኸሽ አንብቢ። ከዚህ በታች ያለውን ግን በሩን ዘግተሽ ለእናታችን ብቻ አንብቢላት።

እናቴ ሆይ፣ በመጀመሪያ የምናዘዘው አለኝ። ሻኪሶ ወርቅ ቁፋሮ ላይ ነኝ እያልሁ የላክሁልሽ ሁለቱ ደብዳቤዎች የተጻፉት ከዚህ ከነገሌ ነው። የወርቁ ጉድጓድ ሁለት ጊዜ ቢደረመስብን ተስፋ ቆረጥሁ፤ አንድ ሾፌርም እዚህ ያለ የእርዳታ ማኅበር ቅርንጫፍ ዘበኛ ይፈልጋል ቢለኝ መጣሁ። እነሆ ስምንት ወር ሆነኝ። ስትሸኚኝ «የትም ሂድ፣ ነገሌን ግን እንዳትረግጥ» ያልሽኝን አልረሳሁም። ወባውን ፈርተሽ መስሎኝ ነበር።

አሁን የሚያንገበግበኝን ልንገርሽ። ማኅበሩ የምሥረታ በዓሉን ሊያከብር ስለሆነ፣ የየቅርንጫፉ ታሪክ በሁለት ገጽ ተጽፎ ይላክ የሚል ትእዛዝ ከላይ መጣ። ኃላፊያችን አቶ ሽመልስ ነባር አባላት የሆኑ ሁለት ሽማግሌዎችን ጠርተው ኮሚቴ አቋቋሙ፤ ጡረተኛውን የጤና ጣቢያ ድሬሰር አቶ ገብረአምላክንና ባለ ሱቁን ሐጂ ዓብዱልወሃብን። ሁለቱም መነጽራቸውን ይዘው አይመጡምና፣ አራተኛ ክፍል የደረስሁት እኔ የቆዩ መዛግብትን ከመጋዘን እያወጣሁ እንዳነብላቸው ታዘዝሁ።

አምስት ሳምንት ሙሉ የተከራከሩት የማኅበሩ የመጀመሪያ ድንኳን የተተከለው ከመስጊዱ ጀርባ ነው ወይስ ከጤና ጣቢያው ፊት በሚለው ነው። ሐጂ «በገዛ እጄ የተከልሁትን ድንኳን እኔ አላውቅም?» ሲሉ፣ አቶ ገብረአምላክ «አንቱማ ካስማው ጣትዎን ቢመታዎ ጥላ ሥር ቁጭ ብለው ነበር» ይሏቸዋል። ሐጂ ተቀይመው ይሄዳሉ። በማግስቱ በኦሮምኛ «አካም፣ ናጋ?» ብለው ሰላምታ እየሰጡ ይመለሳሉ፤ ጸቡም ትናንት ካቆመበት ይቀጥላል። ሁለቱ ገጽ እስከ ዛሬ ሁለት መስመር አልሞላም።

በዚህ ላይ እትዬ ወለተሐና አሉ። ገበያው ጫፍ ጨውና ቅመም የሚቸረችሩ ሴት ናቸው። ረቡዕ ረቡዕ እየመጡ «የመኪናው ወሬ አልተሰማም?» ይላሉ። የምን መኪና እንደሆነ የነገረኝ ስላልነበረ፣ አእምሯቸውን ያመማቸው መስሎኝ ሦስት ጊዜ ከበር መልሻቸዋለሁ። አንድ ጊዜማ ተቆጣኋቸው። እርሳቸው ግን «ጎንደሬው፣ ይህን ቁጣ ከማን ወረስኸው?» ብለው ስቀው ሄዱ።

ባለፈው ሳምንት ሐጂ «ታሪክ ከተባለ እርሳቸውም ይናገሩ» ብለው አስገቧቸው። የተናገሩትን እንደ ሰማሁት እጽፍልሻለሁ።

በ1983 ዓ.ም. ክረምት የደርግ ጦር ሲበተን ማኅበሩ በዚህ በነገሌው የጦር ካምፕ የቀሩትን የወታደር ቤተሰቦች በመኪና ወደ ሰሜን ያሳፍር ነበር። ደንቡ ልጅ የያዘች ትቅደም፣ ብቻዋን ያለች ትቆይ የሚል ነው። ስለዚህ ሴቶቹ ልጅ ይዋዋሱ ጀመር። ሦስት ያላት አንዱን ለጎረቤቷ ታሳቅፋታለች፤ ሻሸመኔ ከመጠለያው ሲደርሱ ትቀበላታለች። ይህን የማያውቅ አልነበረም፤ መዝጋቢውም አይቶ እንዳላየ ያልፍ ነበር። እትዬ ወለተሐናም ባሏ ለጠፋባት፣ ልጅም ላልነበራት፣ ግድግዳ ለምትጋራቸው ሴት ትንሹን ልጃቸውን አሳቅፈው በሁለተኛው መኪና አሳፈሯት። እርሳቸው ከሁለቱ ትልልቆች ጋር በሦስተኛው ሊከተሉ ነበር። ሦስተኛው መኪና ግን ነዳጅ አጥቶ ሳይነሣ ቀረ። መንገዱ ተከፍቶ ሻሸመኔ ሲደርሱ መጠለያው ፈርሶ ነበር። ወደ ነገሌ የተመለሱትም ሴትዮዋ ብትፈልጋቸው በምታውቀው ቦታ እንድታገኛቸው ነው።

«ሌባ ብያት አላውቅም» አሉ። «ያዋስሁት እኔ ነኝ። ሻሸመኔ ላይ ስንት ቀን እንደጠበቀችኝ ብቻ ማወቅ እፈልጋለሁ። ይህን ጻፉልኝ።»

አቶ ሽመልስ «እትዬ፣ እኛ የምንጽፈው ታሪክ ነው፤ ይህ ክስ ነው» አሏቸው። ደግሞም ቦታ አይበቃንም አሉ፤ ሁለት መስመር ባልሞላ ወረቀት ላይ። ሐጂ ወደ አቶ ገብረአምላክ ዞረው «ካስማውን እንተወውና፣ ይህን ግን አንቱም እኔም አይተናል» ቢሉ፣ አቶ ገብረአምላክ ተነሥተው ወጡ። ያን ጊዜ መዝጋቢው እርሳቸው ነበሩ።

እኔም በአቶ ሽመልስ ተናድጄ መዝገቡን ልፈልግ መጋዘን ገባሁ። አገኘሁት። በሁለተኛው መኪና፣ ተራ ቁጥር ዐሥራ ሰባት፣ አንዲት ሴት አለች። «ብቻዋን» ተብሎ ተጽፎ ተሰርዟል፤ በላዩ «ከአንድ ወንድ ልጅ ጋር፣ ዓመት ተኩል» ይላል። መድረሻዋ ወረታ ነው። ስሟን ከነአባቷ አንብቤ መዝገቡን ዘጋሁት፤ መልሼም ከፈትሁት። የልጁ ስምም አለ። በደጊቱ አፍ እንዲነበብ ስለማልፈልግ እዚህ አልጽፈውም፤ አንቺ ግን ታውቂዋለሽ።

መዝገቡ አሁን ፍራሼ ሥር ነው። አቶ ሽመልስን «መዝገቡን አላገኘሁትም» አልኋቸው። ትናንት ረቡዕ ነበርና እትዬ ወለተሐና መጡ። ወንበር አወጣሁላቸው። «ዛሬስ ምን ነካህ?» ብለው ተቀመጡና፣ በስምንት ወር ጠይቀውኝ የማያውቁትን ስሜን ጠየቁኝ። «ጎንደሬው ይበቃኛል» አልኋቸው። ከሄዱ በኋላ ወንበሩን ወደ ውስጥ ለማስገባት ብዙ ጊዜ ወሰደብኝ።

እናቴ፣ እኔ ክስ አልጻፍሁም። ኩፍኝ ሲይዘኝ ዐሥራ አንድ ቀን ከጀርባሽ እንዳላወረድሽኝ እትዬ ጥሩነሽ ነግረውኛል፤ ያንን የሚሰርዝ መዝገብ የለም። ነገር ግን ሰውን ሃያ ሁለት ዓመት በር ላይ ማቆም አይገባም፤ በዚያ በር ላይ የቆምሁት ደግሞ እኔ ነኝ። ስለዚህ የእርሳቸውን ጥያቄ እኔ እጠይቅሻለሁ፤ ሻሸመኔ ስንት ቀን ጠበቅሽ? አንድ ቀንም ከሆነ አንድ ቀን ብለሽ አስጽፊ። አልጠበቅሁም ከሆነም እንደዚያው። ረቡዕ በመጣ ቁጥር ወንበር አወጣላቸዋለሁ፤ ወንበር ግን መልስ አይሆንም።

እግዚአብሔር ጉልበትሽን ያጽናልሽ፤ ማሳሽን ውኃ አይንሣው፤ ደጊቱን ለወግ ለማዕረግ ያብቃልሽ።

ይህ ደብዳቤ በደረሰሽ ቀን፣ ዛሬ ነገ ሳትዪ፣ መልሱን በሚቀጥለው ፖስታ ላኪልኝ።

ልጅሽ