ሳትታረድ የቀረችው ቀይ ዶሮ

ጉርድ ሾላ፣ ግንቦት 1 ቀን 1978 ዓ.ም.

ለልጄ ለአፀደ፤

ሳሊተ ምሕረት በሰው አገር ጥላ ከለላ ትሁንሽ። እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ።

የዶሮ ወጡ ሽንኩርት አልሟሟ አለኝ ብለሽ ጽፈሻል። ታዲያ ዘይቱን ቀድመሽ ጨምረሽ እንዴት ይሟሟ? መጀመሪያ ደረቁን አቁላዪው፤ ሲይዝብሽ ብቻ ውሃ ጠብ አድርጊበት። በርበሬው ከገባ በኋላም አትቸኩዪ፤ ችኮላሽን አውቀዋለሁ። እዚያ ቡልጋሪያ ዶሮው ታርዶና ተነጭቶ ይሸጣል ማለትሽ ግን ገረመኝ። እድለኛ ነሽ።

ወንድምሽ ዓለምሰገድ ለብሔራዊ ውትድርና ከሄደ ወዲህ እኔ የሚያርድልኝ ወንድ የለኝም። ሴት ደግሞ አታርድም። ለፋሲካ ሁለቱን ዶሮዎቼን ታቅፌ ጎረቤታችን አቶ መኩሪያ ዘንድ ብሄድ፣ የሰፈሩ እናቶች በሙሉ ዶሯቸውን ይዘው ደጃፋቸው ላይ ተሰልፈው አገኘኋቸው። ለካ የሁላችንም ልጆች ሄደዋል። ሽማግሌው በስመ አብ እያሉ ሲያርዱ አረፈዱ። ተራዬ ሲደርስ አንዷን ብቻ ሰጠኋቸው። ቀይዋን ይዣት ተመለስኩ። ዓለምሰገድ ከጫጩትነቷ ያሳደጋት ናት፤ መጥቶ ራሱ ይረዳት ብዬ ነው።

ከጥር ወዲህ አልጻፈልኝም። ላንቺ ከጻፈ ግን እባክሽ ደብዳቤውን አንብበሽ ሳታጣጥፊው ቶሎ አሳውቂኝ። ሁለታችሁንም አንድ ገበታ ላይ ለማየት ያብቃኝ፤ አሜን።

ቀይዋ እንቁላል መጣል አቁማለች። ጎረቤቶቼ ምን ትሠራልሻለች ይሉኛል። ቢሉም አላሳርዳትም።

እናትሽ ፀሐይነሽ