በሁለት መስታወት መሀል ስለተቀመጠው ጉም

ለተከበሩ የሕንፃችን አስተዳዳሪ

ክቡር ሆይ፣ እንደምን ሰነበቱ? ጤናዎ፣ ቤተሰብዎ፣ በተለይም ዓይንዎ ደህና እንደሆነ ተስፋ አደርጋለሁ። እኛ ከአንድ መስኮት በስተቀር ሁላችንም ደህና ነን።

እንደሚያስታውሱት፣ ወይም እንደረሱት፣ የእናቴ መኝታ ቤት መስኮት ባለ ድርብ መስታወት ነው። የዳር ዳሩ ማሸጊያ ስላረጀ እርጥበት ሰርጎ ገብቶ በሁለቱ መስታወቶች መሀል ጉም ሆኖ ተቀምጧል። እናቴ ጉልበቷ ከከዳት ወዲህ ከቤት አትወጣም። ታናሽ እህቷ ከግቢው ማዶ ባለው ሕንፃ ትኖራለች፤ እሷም ደረጃ አይሆንላትም፣ ጆሮዋም ለስልክ እምቢ ብሏል። ስለዚህ ሁለቱ እህትማማቾች ጠዋት ጠዋት በየመስኮታቸው ቆመው እጃቸውን እያውለበለቡ ደህና አደርሽ ይባባሉ ነበር። ይህን ካስታወስኩዎ በኋላ ምስጋናዬን በተራ ላቅርብ።

1ኛ. መጀመሪያ ስናመለክት በደንብ እንድንጠርገው ስለመከሩን እናመሰግናለን። ከውስጥ ጠረግን። ከውጭም፣ ባለቤቴ ቀበቶዬን ይዛልኝ፣ ግማሽ አካሌን ለነፋስ ሰጥቼ ጠረግሁ። ጉሙ መሀል ተቀምጦ ታዘበን።

2ኛ. ቀጥሎ ጥፋቱ የትንፋሻችንና የድስታችን መሆኑን ገልጸው መስኮት ከፍተን እንድናድር አዘዙን። ከፍተን አደርን። እናቴ ጉንፋን ያዛት፤ ጉሙ ግን ፍጹም ጤነኛ ነው። ትንፋሻችንን እንድንቀንስ የተላለፈልንን መመሪያም እስካሁን በከፊል ብቻ መፈጸማችንን በትሕትና እንገልጻለን።

3ኛ. የጥገና ሠራተኛ ስለላኩልን ውለታዎ አለብን። መጥቶ ክፈፉን ነጭ ቀለም ቀባልን። አሁን እጅግ በሚያምር ክፈፍ ውስጥ ምንም አይታየንም።

4ኛውን ለማመስገን ግን አንደበቴ ይተሳሰራል። አክስቴ ሰላምታዋ መልስ ሲያጣ እህቷ የናቀቻት መስሏት አኮረፈች፤ መጋረጃዋንም ዘጋች። እናቴ በበኩሏ ዓይኗ የጠፋ መስሏት ለማንም ሳትተነፍስ ስታዝን ከርማለች፤ ዓይኗ ደህና መሆኑን ያወቅነው ሐኪም ዘንድ ከወሰድኳት በኋላ ነው። ወዲያው ማዶ ተሻግሬ ለአክስቴ ጆሮዋ ሥር እየጮህኩ ሁሉንም አስረዳኋት። ሰምታ ስታበቃ፣ ታዲያ ለምን አትጠርጉትም አለችኝ። ክቡር ሆይ፣ ከእርስዎ ጋር በሥጋ ሳትዛመድ አትቀርም።

እናቴ ዛሬም ጠዋት ተነሥታ፣ ክፈፉን ተደግፋ፣ ምናልባት ከወዲያ በኩል ይታይ እንደሆነ ብላ ለጉሙ እጇን ታውለበልባለች። ሌላውን ሁሉ እየሳቅሁ ጽፌዋለሁ፤ ይህን ግን እየሳቅሁ መጻፍ አልቻልኩም። የምንለምንዎት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ እህትማማቾቹ በኩርፊያ እንዳይለያዩ መስታወቱ ይቀየርልን።

ከማይነጥፍ አክብሮትና ከማይደርቅ መወልወያ ጨርቅ ጋር፣
በምክርዎ መሠረት አሁንም በመጥረግ ላይ ያለሁ
የሦስተኛው ፎቅ ነዋሪ

ግልባጭ፦ ለግቢው ነዋሪዎች በሙሉ

ማስታወሻ፦ ባለፈው ሳምንት የቢሮዎ መስኮት በአዲስ መስታወት መቀየሩን ሰምቼ ከልብ ተደስቻለሁ። ስለዚህ ይህን ደብዳቤ በእሱው ላይ፣ ከውጭ በኩል፣ ጽሑፉን ወደ ወንበርዎ አዙሬ በጠንካራ ሙጫ ለጥፌዋለሁ፤ በጠራ መስታወት ስለሆነ ከተቀመጡበት ሳይነሡ ያነቡታል። ጀርባው ላይም ለአላፊ አግዳሚው የሚሆን ሌላ ቅጂ አለ። ዓይንዎን ካስቸገረዎት አይጨነቁ፦ ከውስጥ በኩል በደንብ ይጥረጉት።