ይፍረስ ተብሎ ስለቆመው ግንብ

ለተከበሩ አቶ የሺዋስ፣
የከተማችን የመሬት ጽሕፈት ቤት ኃላፊ

ጤናዎ፣ ቤተሰብዎ፣ በተለይም ግንብዎ እንደምን ሰነበቱ? እኛ ከመንገድ እጦት በቀር ደኅና ነን።

ደብዳቤዬ ግልጽ ደብዳቤ ነውና፣ ከሁሉ አስቀድሞ አንባቢ ይህን ይወቅልኝ፤ ጽሕፈት ቤትዎ ያስገነባው የግንብ አጥር የጎረቤቴን የወይዘሮ ዘቢደርን መውጫና መግቢያ ዘግቷል። ፍርድ ቤት ግንቡ ፈርሶ መንገዱ እንዲከፈት አዘዘ፤ ይግባኝ ሰሚውም አጸና። ግንቡ ግን እንደቆመ ነው። ጡረታ የወጣሁ መምህር ነኝና ነገርን በተራ በተራው መናገር ይቀናኛል፤ ምስጋናዬን እንደሚከተለው አቀርባለሁ።

አንደኛ፣ የፍርድ ቤቱን ትእዛዝ የሚያጠና ኮሚቴ ስላቋቋሙ አመሰግናለሁ። በማስተምርበት ዘመን "ተነሥ" ስለው "እስቲ ላጥናው" ያለኝ ተማሪ አልገጠመኝም፤ ቢገጥመኝ ኖሮ ለምን ሥልጣን እንደሚበቃ አሁን ገባኝ።

ሁለተኛ፣ ፍርድ ቤቱ ቀርበው እንዲያስረዱ በጠራዎት ቁጥር ስብሰባ ላይ መሆንዎን የሚገልጽ ባለማኅተም ደብዳቤ ስለሚልኩ አመሰግናለሁ። ማኅተም እንደሚያከብሩ ያሳያል፤ የቀረዎት የሌላውን ማኅተም ማክበር ብቻ ነው።

ሦስተኛው ረዘም ይላል። የወይዘሮ ዘቢደር ባለቤት አቶ አበባው ባረፉ ጊዜ ቃሬዛው የሚወጣበት መንገድ ስላልነበረ፣ የእድራችን ሰዎች ወይዘሮ ዘቢደር የሚሾልኩበትን የአጋም አጥሬን ቀዳዳ አስፍተው በጓሮዬ አሳለፉት። ቀዳዳው እንዲያም ሆኖ ስለጠበበ ቃሬዛውን አጋደሉት፤ ሚስታቸው እያዩ። እርስዎም ሰው አክባሪ ነዎትና በሠልስቱ ለቅሶ ሊደርሱ መጡ። ግንብዎን ዞረው ዞረው በዚያው ቀዳዳ ሲሾልኩ አጋሙ ኮትዎን ያዘው። ወይዘሮ ዘቢደር ከተቀመጡበት ሆነው፣ "ቀስ ይበሉ ጌታዬ፤ አበባውም የወጣው በዚያው ነው" አሉ። ለቀስተኛው ሁሉ አቀረቀረ። እርስዎ ግን "እግዜር ያጥናዎት" ብለው፣ ንፍሮዎን ቆንጥረው ሄዱ። ይህን ያህል አንጀት ስለሰጠዎት ፈጣሪን አመሰግናለሁ።

ድሮ በአገራችን የሚሮጥ ሌባ እንኳ "በሕግ አምላክ" ሲባል ይቆም ነበር። ዛሬ የቆመው ግንብዎ ብቻ ነው።

አሁን የአቶ አበባው አርባ ደርሷል። ካህናቱ በጓሮዬ እንዲሾልኩ አልፈልግም፤ ወይዘሮ ዘቢደርም እንግዳቸውን በገዛ ደጃቸው ቆመው ሊቀበሉ ይሻሉ። ስለዚህ ግንቡ ከዚያ በፊት ይፈርስ እንደሆነ ወይም አይፈርስ እንደሆነ፣ በአጭሩ፣ ኮሚቴ ሳያቋቁሙ፣ ቶሎ እንዲመልሱልኝ በትሕትና እጠይቃለሁ።

ለኃላፊነትዎ ያለኝን አክብሮት እርስዎ ለፍርድ ቤት ባለዎት ልክ መዝኜ የላክሁ፣
ካሴ ድረስ፣ ጡረተኛ መምህር

ማስታወሻ፦ የኮትዎ አዝራር አጋሜ ላይ ቀርቷል። ለመመለስ የፍርድ ቤት ትእዛዝ አልጠብቅም፤ መጥተው ይውሰዱ። ቀዳዳው ግን የተፈቀደው ለወይዘሮ ዘቢደር ነው፤ እርስዎ ፍርድ ቤቱ ይከፈት ባለው መንገድ ይምጡ።